ያለንበት ወረዳ ማን ይባላል?

በ2015 ዓ.ም. ክረምት ነበር። እዚህ አገር 2023 ይሉታል፤ ወቅቱንም ሰመር ይሉታል። ሐምሌ ሊጋመስ ሲል፣ ሲልቨር ስፕሪንግ በሚባል ከተማ ባለ አንድ ሆስፒታል፣ ከአንድ ሽማግሌ አልጋ አጠገብ ቆሜ ሳለሁ የሥራ ዘመኔ አለቀ። ጡረታ የምወጣበት ቀን ገና ነበር። ያለቀው ግን ያን ዕለት ነው።

አስተርጓሚ ነበርኩ። አማርኛ ብቻ የሚናገር ሕመምተኛ ሲመጣ በእሱና በሐኪሙ መካከል እቆማለሁ። የሽማግሌውን እውነተኛ ስም አልጽፍም፤ አባባ ሰይድ እላቸዋለሁ። ይህን እንድጽፍ ልጃቸው ፈቅዳልኛለች። እሳቸው አርፈዋል፤ አላህ ይዘንላቸው።

ታሪኩን ከአልጋው ብጀምረው አይገባም። የሚጀምረው ከወንዝ ነው።

አሥራ ሁለተኛን ደሴ እንደጨረስኩ፣ በደርግ ጊዜ፣ አንድ መሥሪያ ቤት የገበያ ዋጋ ለቃሚ አድርጎ ቀጠረኝ። ደረቅ ወንዝ ወደሚባል ወረዳ ተላክሁ። አውቶቡሱ ከደጋው ቁልቁል ሲወርድ ጆሮዬ ተደፈነ። ብርዱ ከላይ ቀረ። ጆሮዬ ሲከፈት የሰማሁት የግመል ድምፅ ነበር።

ወንዝ ይባላል እንጂ ውሃ የለውም። ሰፊ ነጭ አሸዋ ነው። የቅዳሜ ገበያ የሚቆመው እዚያው አሸዋው ላይ ነው። ከላይ ደገኛው ገብስና ባቄላ በአህያ ጭኖ ይወርዳል። ከታች ቆለኛው ግመልና ፍየል እየነዳ፣ ጨው ጭኖ ይመጣል። በመካከል የወረዳው ሰው አለ፤ ማሽላ አራሽ ነው። አንድ ፍየል እስኪሸጥ አማርኛም ኦሮምኛም አፋርኛም ይነገራል።

እዚያ ዝናብ ብዙ አይዘንብም። ማሽላውን የሚያበቅለው ደጋ ላይ የዘነበ ዝናብ ነው። ጎርፍ ሆኖ በወንዙ ሲወርድ ገበሬው በድንጋይና በእሾህ ጠልፎ ወደ ማሳው ያስገባዋል። ማን ቀድሞ፣ ማን ተከትሎ እንደሚጠልፍ የሚወስን ሽማግሌ አላቸው፤ የውሃ አባት ይሉታል። ነገር ግን ጎርፉ ሰማዩ ጥርት ብሎ ሳለ ነው የሚመጣው። ቅዳሜ ከመጣ ገበያውን ይዞት ይሄዳል። ሰው ይህን እያወቀ አሸዋው ላይ ይገበያያል። ለምን ሜዳው ላይ አይገበያዩም ብዬ ጠይቄ ነበር። ሜዳው ባለቤት አለው፣ አሸዋው ግን የማንም አይደለም አሉኝ።

አሸዋው ላይ ደም አይፈለግም። ወንድሙን የገደለበትን ሰው ያየ እንኳ ዝም ይላል።

"ከአሸዋው ሲወጡስ?" አልኩ።

"ቀኑን ሙሉ ጨው ሲገዛዙ ውለው፣ ማታ በምን ፊት ይጋደላሉ?" አሉኝ ጋሽ መኮንን።

ጋሽ መኮንን ሥራውን ያስተማሩኝ ሰው ናቸው። ቀጭን፣ ዝምተኛ፣ ክርስቲያን፤ በረመዳን እኔ ፊት ውሃ እንኳ አይጠጡም ነበር። አሸዋው ላይ ሲደርሱ ጫማቸውን አውልቀው በእጃቸው ይይዛሉ። መጀመሪያ ለጸሎት መስሎኝ ነበር።

"ጋሼ፣ ለምንድን ነው የሚያወልቁት?"

"ጎርፍ ከጆሮ በፊት በእግር ይሰማል። አንቺም አውልቂ።"

አወለቅሁ። አሸዋው ጠዋት ይቀዘቅዛል። ከዚያ በኋላ እዚያ ገበያ ጫማ አድርጌ ገብቼ አላውቅም።

ከቀበቷቸው ላይ የራሳቸው ጣሳ ተንጠልጥሎ ይወዛወዛል። እህል የሚሸጠው በጣሳ ነው። የአንዳንድ ነጋዴ ጣሳ ግን ቂጡ ወደ ውስጥ ተቀጥቅጧል፤ ከውጭ ሲያዩት ያው ነው፣ የሚይዘው ግን ያነሰ ነው። ጋሽ መኮንን የነጋዴውን ስፍር ወደ ራሳቸው ጣሳ ይገለብጡና ጉድለቱን በዓይናቸው ለክተው ያልፋሉ። እኛ ዳኛ አይደለንም ይላሉ። ነጋዴዎቹ ያውቋቸዋል።

"ጋሽ መኮንን፣ የዛሬዋ ጣሳዎ ደኅና አደረች?"

"የእኔዋስ ደኅና ናት። ሆዷ የገባው ያንተዋ ናት፤ አብላት።"

ገበያው ይስቃል። ነጋዴውም ይስቃል።

ከሁሉ ይልቅ አብሮኝ የኖረው ሌላው ልማዳቸው ነው። ዋጋ አይጠይቁም ነበር።

"ዋጋ ይሰማል እንጂ አይጠየቅም" ይሉኝ ነበር። "ስትጠይቂው የሚነግርሽ የሚመኘውን ነው፤ ወይም የሚፈራውን። ዝም ብለሽ ቁሚ። ሲሸጥ ትሰሚዋለሽ።"

በዚያ ጊዜ መንግሥት ለእህል የራሱን ዋጋ ይቆርጥ ነበር። ስለዚህ ሰው የመሥሪያ ቤት ሰው ሲያይ ሌላ ዋጋ ይናገራል። እኛ ጆሮ ብቻ ሆነን እንቆማለን። ፀሐዩ ይበረታል፤ አቧራው ወርቅ ይመስላል፤ የሰው ድምፅ ከሩቅ እንደ ውሃ ይሰማል። አንዳንድ ቅዳሜ ቆሜ ያለሁ ሳይሆን የምንሳፈፍ ይመስለኝ ነበር።

ግመል ተራ ላይ ግን ጆሮም አይጠቅምም። ገዢና ሻጭ ዋጋ በአፋቸው አያወጡም። በጋቢ ወይም በሽርጥ ሥር እጅ ለእጅ ተያይዘው ጣት በመጫን ይከራከራሉ። ደላላው መካከል ቆሞ አንዴ የአንዱን፣ አንዴ የሌላውን እጅ ይይዛል። ከላይ ስለ ልጆቻቸው ጤና ይጠያየቃሉ፤ ከሥር ጣቶቻቸው ይጨቃጨቃሉ። ፊታቸው ላይ ምንም አይታይም።

አንድ ዓመት ጎርፉ ቀረ። በማግሥቱም ዓመት ቀረ። ማሽላ በየሳምንቱ ተወደደ፤ ፍየል በየሳምንቱ ረከሰ። አንድ ቅዳሜ ጋሽ መኮንን ከፍየል ተራ ተመልሰው አሸዋው ላይ ተቀመጡ። በሥራ ሰዓት ተቀምጠው አይቻቸው አላውቅም።

"ዘይኑ፣ ፍየል ሲረክስ፣ ማሽላ ሲወደድ ምን ማለት ነው?"

"ሰው እህል ለመግዛት ፍየሉን እየሸጠ ነው።"

"ፍየሉ ሲያልቅስ?"

ደብተሬን ገለጥሁ።

ጽፈን ወደ ደሴ ላክን። ደግመን ጻፍን። ጋሽ መኮንን ራሳቸው ወጥተው ተናገሩ። "ደርሶናል አሉኝ" ብለው ተመለሱ። ሌላ የመጣ ነገር የለም። ገበያው በየቅዳሜው ሳሳ። መጀመሪያ ግመሎቹ ቀሩ። ቀጥሎ ሴቶቹ የብር አምባራቸውን አውልቀው አሸዋው ላይ ዘረጉ፤ የሚገዛቸው ግን አልነበረም። ከዚያ ሰዉ ራሱ ተነሥቶ ወደ አስፋልቱ ወጣ። ያየሁትን ሁሉ አልጽፍም። ያየ ያውቀዋል።

ጋሽ መኮንን እስከ መጨረሻው ጣሳቸውን አንጠልጥለው ወደ አሸዋው ይወርዱ ነበር። ማንም የለም። እሳቸው ቆመው ያዳምጣሉ። ከወረዳው ስነሣ እንዲህ አሉኝ፦

"የሰማነውን በትክክል አድርሰናል። አልዋሸንም። ግን ልጄ፣ ማድረስ ብቻ አልበቃም።"

"ምን ማድረግ ነበረብን፣ ጋሼ?"

ጫማቸውን በእጃቸው ይዘው ወደ አሸዋው ወረዱ።

ከዚያ በኋላ ያለውን አሳጥራለሁ። ደሴ ቢሮ ገባሁ፤ ከዚያ አዲስ አበባ። አገባሁ፤ ወለድኩ። ለባለቤቴ ዲቪ ደረሰውና መጣን። እዚህ አገር ባለችው አሌክሳንድሪያ፣ ወንዝ አጠገብ ባለ ሆቴል አልጋ አነጥፍ ነበር። አለቃዬ ጋናዊት ነበረች። አንሶላው ላይ አንዲት እጥፋት ስታይ "እንግዳው የራሳችሁ እናት ብትሆንስ?" ትለናለች። ደመወዙ ትንሽ ነበር፤ በረካ ነበረው። ባለቤቴ ቶሎ አረፈ። ልጆቼን አላህ አሳደገልኝ፤ እኔ ያሳደግኋቸው አይመስለኝም።

ልጆቹ ኮሌጅ ሲገቡ እኔም ኮርስ ወሰድኩ፤ ፈተና አለፍኩና አስተርጓሚ ሆንኩ። ግሪንቤልት ክሊኒክ፣ አሌክሳንድሪያ ክሊኒክ፣ በመጨረሻ ሲልቨር ስፕሪንግ።

የአስተርጓሚ ሕግ ለእኔ አዲስ አልነበረም። ሰውየው ተናግሮ እስኪጨርስ መቆም ነው። አለመጨመር ነው፤ አለመቀነስ ነው። ለራስ የሚናገሩት ነገር ካለ "አስተርጓሚዋ እንዲህ ትላለች" ብሎ ማስፈቀድ ነው። ሕመምተኛው "እኔ" ሲል አስተርጓሚውም "እኔ" ይላል፤ "እሱ" አይልም። ስለዚህ ያን ሁሉ ዓመት እኔ ያልሆነ "እኔ" ስል ኖርኩ። ደረቴን ያመኛል እላለሁ፤ ደረቴ ደኅና ነው። ልጄ ሞተብኝ እላለሁ፤ ልጄ ሥራው ላይ ነው። ማታ ባቡር ውስጥ ስቀመጥ የቀኑ ሰዎች ሁሉ ውስጤ የተኙ ይመስለኝ ነበር። ለእያንዳንዳቸው ዱዓ አደርጋለሁ። ስማቸውን አላነሣም፤ አላህ ያውቃቸዋል።

ወደ አባባ ሰይድ ልመለስ።

ቤት ውስጥ ወድቀው ነው የመጡት። ልጃቸው ሰዓዳ ሴቨን ኮርነርስ በሚባል ሰፈር አንድ የሐበሻ ግሮሰሪ፣ ቅመምና እህል መሸጫ፣ ውስጥ ትሠራለች። ባሏ የጭነት መኪና ይነዳል። ቀን ቀን ሽማግሌው ዊተን ባለው አፓርታማቸው ብቻቸውን ይውላሉ። አጥንታቸው አልተሰበረም፣ አልሐምዱሊላህ። ነገር ግን ሆስፒታሉ የማስታወስ ፈተና በስልክ አስተርጓሚ ሰጥቷቸው ዝቅተኛ ውጤት ወጥቶ ነበር። ሰዓዳ በሩ ላይ ጠበቀችኝ። የግሮሰሪውን ሽርጥ እንኳ አላወለቀችም።

"እትዬ፣ አእምሯቸው ሄዷል፣ ያሉበትን አያውቁም አሉኝ። ነርሲንግ ሆም፣ መጦሪያ ቤት ይግቡ ነው የሚሉት። ዛሬ ድጋሚ ሊጠይቋቸው ነው። ዛሬ ከመለሱ ቤቴ ይዣቸው እሄዳለሁ። ካልመለሱ ግን…"

"አብሽሪ" አልኳት። ከዚያ በላይ አይፈቀድልኝም።

ገባን። ሐኪሙ ወጣት ነው፤ ትሑት። ወንበር ስቦ ከሽማግሌው ዓይን እኩል ተቀመጠ። አባባ ሰይድ ነጭ ጺማቸውን አበጥረው፣ ኮፊያቸውን አድርገው፣ ትራስ ተደግፈዋል።

"ዓመተ ምሕረቱ ስንት ነው?" አልኳቸው ሐኪሙ እንዳለው።

"ሁለት ሺህ አሥራ አምስት።"

እንዳሉት ተረጎምኩ።

"ወቅቱስ?"

"ክረምት ነዋ! ሐምሌ በጋ ሆኖ ያውቃል እንዴ?" ወደ እኔ ዘወር አሉ። "ይህ ልጅ ካላንደር የለውም?"

ይህንንም ተረጎምኩ፤ ግዴታ ነው። ክረምት የሚለውን ግን ለጊዜው ሳልተረጉም በአማርኛው ተውኩት። መዝገበ ቃላቱ ክረምትን ዊንተር ይለዋል፤ እዚህ ዊንተር የበረዶ ወራት ነው። በመስኮቱ የሚገባው ፀሐይ ግድግዳውን ያነደዋል፤ ውጭ ሰው በቁምጣ ይሄዳል። ዊንተር ብል ሽማግሌውን እብድ አደርጋቸዋለሁ።

"ስንት ሰዓት ነው?" አለ ሐኪሙ።

"አራት ሰዓት አለፍ ብሏል።" ሳቁ። "ሰዓቱም ጠፋበት፣ ምስኪን።"

የሐኪሙ ሰዓት አሥር ይላል። የሚቀጥለው ጥያቄ ያለንበት ካውንቲ ነው። በእኛ የቃላት ዝርዝር ካውንቲ ማለት ወረዳ ነው።

"ያለንበት ወረዳ ማን ይባላል?"

"ደረቅ ወንዝ።"

ያን ስም ለብዙ ዓመት ከሰው አፍ አልሰማሁትም ነበር። እግሬ ሥር ወለሉ የቀዘቀዘ መሰለኝ።

ሐኪሙ እስክጀምር ጠበቀኝ። ከፊቱ የስልኩ ፈተና ወረቀት ነበር፦ ዓመቱን በስምንት ተሳስቷል፤ ወቅቱን ዊንተር ብሏል፤ ሰዓቱን አያውቅም፤ ደረቅ ወንዝ ነኝ ይላል። በስልክ የነበረው አስተርጓሚ አልዋሸም። የሰማውን በትክክል አድርሷል።

"ዶክተር" አልኩ፣ "አስተርጓሚዋ ማብራሪያ ለመስጠት ፈቃድ ትጠይቃለች።"

"እባክሽን" አለ፤ እስክሪብቶውን አስቀመጠ።

በአገራችን አቆጣጠር ዓመቱ ልክ መሆኑን ነገርኩት። ክረምት የዝናብ ወራት መሆኑን፣ ሐምሌም ዋናው መሆኑን። ሰዓት የምንቆጥረው ከንጋት መሆኑን። ወረዳ ሲባሉ የአገራቸውን ወረዳ መናገራቸውን።

"እንግዲያው ካውንቲው ብቻ ነው የቀረው።" አሰበ። "ስለ ወረዳቸው ይንገሩኝ። እንዴት እንደሚያስቡ መስማት እፈልጋለሁ።"

አባባ ሰይድ ትራሳቸውን አስተካከሉ። ማንም እንዲህ ብሎ የጠየቃቸው ከቆየ ይመስለኛል።

"አባቴ ሲያወራኝ" አሉ፣ "ድሮ ገበያ የለም። ደገኛና ቆለኛ ይፈራራል። ደገኛው እህሉን አሸዋው ላይ አስቀምጦ ይሸሻል። ቆለኛው ወርዶ ያየዋል፤ ደስ ካለው አጠገቡ ጨው አስቀምጦ ይሸሻል። እንዲህ ሆኖ ስንት ዘመን። አንድ ቀን አንዲት ሴት አልሸሽም አለች። መካከል ቆመች። የሁለቱንም ቋንቋ ታውቃለች፤ እናቷ ከላይ፣ አባቷ ከታች። ወረዳው የተቆረቆረው እሷ በቆመችበት ነው። የመጀመሪያዋ ደላላ እሷ ናት። እኔም ደላላ ነበርኩ፤ የግመል።"

እየተከተልኩ ተረጎምኩ። "እኔም ደላላ ነበርኩ" አልኩ በእንግሊዝኛ። እሳቸው ሲቀጥሉም ተከተልኳቸው፤ "ቅዳሜ ቅዳሜ አሸዋው ላይ ነበርኩ። ክፉውን ዘመን እዚያ ሆኜ አይቻለሁ።" ያን ሁሉ ዓመት "እኔ" ስል፣ የተናገርኩት "እኔ" የእኔም ሲሆን የመጀመሪያ ጊዜ ነበር። ድምፄ የማን እንደሆነ ጠፋኝ። ምናልባት ግመል ተራ አይቻቸዋለሁ። ምናልባት አንዲት ጫማዋን በእጇ የያዘች ልጅ አይተዋል። አላውቅም።

"አሁንማ" ቀጠሉ፣ "ድልድይ ተሠርቷል። ልጆቹ ጂዳ ናቸው፤ ቤቱ ሁሉ ቆርቆሮ ለብሷል። ግመል ተራ ሞተር ሳይክል ይቆማል። ማሽላው ግን ያው ጎርፉን ይጠብቃል። ጂዳ ዝናብ አይልክማ!" ቆም ብለው አዩኝ። "እቴ፣ ፊትሽ ተለዋወጠ። ክፉ ነገር ተናገርኩ?"

ይህም መተርጎም አለበት። ተረጎምኩ። ሐኪሙ ወደ እኔ ቀና አለ።

"አስተርጓሚዋ ያን ወረዳ ታውቀዋለች" አልኩ። በሁለቱም ቋንቋ አልኩት።

"ያ አላህ!" አሉ አባባ ሰይድ። "የማን ልጅ ነሽ?"

ሐኪሙ ፈገግ ብሎ ወደ ፈተናው መለሰን። ቀደም ሲል ሦስት ቃላት ነግሯቸው ነበር፤ ቁልፍ፣ ዛፍ፣ ባርኔጣ። አሁን ይድገሟቸው አለ።

እዚህ ላይ ፊታቸው ደበዘዘ። ወደ መስኮቱ አዩ። ወደ ሰዓዳ አዩ። ሰዓዳ በሁለት እጇ አፏን ያዘች።

"የቱን ቃል?" አሉ።

ዓመቱ፣ ወቅቱ፣ ሰዓቱ የቃል ስሕተት ነበር። ይህ ግን አልነበረም። ሁላችንም አወቅን።

አባባ ሰይድ ኮፊያቸውን አስተካከሉ። ከዚያ ቀኝ እጃቸውን በብርድ ልብሱ ሥር ወደ ሐኪሙ ዘረጉ። ፊታቸው ላይ ምንም አይታይም።

"ቤተሰቦችህ ደኅና ናቸው?" አሉት ሐኪሙን።

ተረጎምኩ። ሐኪሙ ግራ ገብቶት ብርድ ልብሱን አየ።

"ዶክተር፣ አስተርጓሚዋ ታስረዳ። በአገራቸው ግመል የሚሸጠው እንዲህ ነው። እጅዎን እየጠየቁ ነው። ሊደራደሩ ነው።"

ሐኪሙ አላመነታም፤ እጁን በብርድ ልብሱ ሥር አስገባ። የሽማግሌው ክንድ በቀስታ ሲንቀሳቀስ ይታያል። አንድ ጣት፤ ሌላ ጣት።

"ንገሪው" አሉኝ። "ሁለቱን ቃል ይተውልኝ። አንዱን አመጣለሁ። ባመጣ ወደ ልጄ ቤት ይልቀቀኝ።"

ሐኪሙ ሰማ። "ያምጡ" አለ።

ዓይናቸውን ጨፈኑ። ሰዓዳ ከንፈሯ ያለ ድምፅ ይንቀሳቀሳል፤ ዱዓ እያደረገች ነበር። እኔም በልቤ።

"ግመል" አሉ።

"ካሜል" አልኩ። ከዚያ ያነሰ ድምፅ አውጥቼ የተረጎምኩት ቃል የለም።

ሐኪሙ እጁን ቶሎ አላወጣም። ቆይቶ ለሰዓዳ እንዲህ አላት፦ አባትሽ ማን እንደሆኑ፣ ምን እንደሚፈልጉ ያውቃሉ። ያሉበትን አያውቁም ተብሎ የተጻፈውን አስተካክላለሁ። የት እንደሚኖሩ መወሰን የእሳቸው ነው። ነገር ግን የማስታወስ ችሎታቸው እየሄደ ነው፤ ብቻቸውን መዋል አይችሉም። ቀን አብሯቸው የሚሆን ሰው ካለ ነገ ይወጣሉ፣ ዛሬም ቢሆን። ከሌለ ልለቃቸው አልችልም። የቤት ረዳት እንዲላክ ማመልከት ይቻላል፤ ሳምንታት ይወስዳል።

አባባ ሰይድ ትርጉሙን ሰምተው ራሳቸውን ነቀነቁ። "ጎበዝ ነጋዴ ነው" አሉ። "ሸጠልኝ፤ ግመሏን ግን አላስረከበኝም።"

ኮሪደር ላይ ሰዓዳ ግድግዳውን ተደገፈች።

"ቀን ማን አለኝ፣ እትዬ? ሥራ ባቆም የቤት ሬንቱን በምን እንከፍላለን? ባሌ ኦሃዮ ነው። ማንን ልለምን?"

መልስ መስጠት አልችልም። አስተርጓሚ ስልኩን ለሕመምተኛ ቤተሰብ አይሰጥም፤ ቤታቸውም አይሄድም። ሕጉ ጥሩ ሕግ ነው፤ ብዙ ሰው ከጉዳት ያድናል። የሰማሁትን በትክክል አድርሼ ነበር። ከዚያም በላይ አስረድቼ ነበር። ሰዓዳ ግን አሁንም ግድግዳውን ተደግፋ ቆማለች።

"እዚሁ ጠብቂኝ" አልኳት።

አለቃዬ ከኤል ሳልቫዶር የመጣች ደግ ሴት ናት። ለጡረታዬ ኬክ ልታዝልኝ ስታስብ አገኘኋት።

"ቸኮሌት ነው ቫኒላ?" አለችኝ።

"ዛሬ ልውጣ" አልኳት። "የሥራ ባጄን ተቀበይኝ።"

"ወሩ ሊያልቅ ነው እኮ፣ ዘይነብ! ምን ተፈጠረ? ማን አስቀየመሽ?"

"ማንም። ከአሁን ጀምሮ ሕጉ የማይከለክለኝ ሰው መሆን ፈልጌ ነው።"

ባጁን ከአንገቴ ራሷ አወለቀችልኝ፤ ፀጉሬን እንዳይዝብኝ ሻሼን በጥንቃቄ ገለጥ አድርጋ። "ኬኩን ቤትሽ እልከዋለሁ" አለች።

ተመለስኩ። ሰዓዳ እዚያው ነበረች።

"አሁን የሆስፒታሉ ሠራተኛ አይደለሁም" አልኳት። "ዘይነብ እባላለሁ። አሌክሳንድሪያ ነው የምኖረው። የቤት ረዳቱ እስኪመጣ ከአባትሽ ጋር እውላለሁ፣ ከፈቀድሽ።"

አንገቴ ላይ ተጠመጠመች። ሽርጧ ቁንዶ በርበሬ ይሸት ነበር። ከዚያ ገብታ ለአባቷ ነገረቻቸው፤ ስልኳን አውጥታም ባሏን "ይዣቸው እየመጣሁ ነው" ስትለው ሰማሁ። በዚያው ምሽት ወደ ቤቷ ወሰደቻቸው።

በማግሥቱ ጠዋት ሱብሒን ሰግጄ፣ ገንፎ በቴርሞስ ይዤ ወጣሁ። ባቡር ቀይሬ ሬድ ላይን የሚባለውን መስመር ያዝኩ። ዊተን ወረድኩ። የጣቢያው ረጅም ኤስካሌተር፣ ተንቀሳቃሹ ደረጃ፣ ወደ ብርሃን ሲያወጣኝ የሚሠራ ሰው ሁሉ ቀድሞኝ ይሮጣል። እኔ ቆሜ ወጣሁ።

ሰዓዳ በሩን ከፍታልኝ ወደ ሥራዋ ሄደች። አባባ ሰይድ መስኮቱ አጠገብ ተቀምጠዋል።

"እንግዳ! ግቢ፣ ግቢ። ከየት ነሽ እናቴ?"

"ከደሴ ነኝ፣ አባባ። በልጅነቴ ደረቅ ወንዝ ሠርቻለሁ።"

"ወላሂ? ደረቅ ወንዝ? የእኛ ወረዳ?" እጃቸውን ወደ ሰማይ አነሡ። "አላህ ያመጣልኝን ሰው እዩልኝ!"

ገንፎውን አቀረብኩ። ስለ ገበያው አወሩኝ። ትንሽ ቆይተው ቀና ብለው አዩኝ።

"ከየት ነሽ እናቴ?"

ነገርኳቸው። እጃቸውን ወደ ሰማይ አነሡ። እስከ ዙህር ሶላት ድረስ ብዙ ጊዜ ጠየቁኝ፤ በጠየቁኝ ቁጥር ነገርኳቸው። ሁልጊዜም እንደ መጀመሪያው ደስ አላቸው።